የገበያው ሚዛን ይፈተሻል፤ የስልኩን ሚዛንስ ማን ይፈትሸው?

በእህል ገበያ ሚዛን ያለ ተቆጣጣሪ አይተውም። ጤፍ ወይም በርበሬ ጭኖ የመጣ አርሶ አደር ሚዛኑ መዛባቱን ከጠረጠረ የሚያመለክትበት ደጅ አለው፤ የወረዳው ንግድ ጽሕፈት ቤት ሚዛኑን ይፈትሻል፣ ያጎደለው ነጋዴም ይጠየቃል። አሠራሩ ሁልጊዜ ፍሬ ያፈራል ማለት አይደለም። ይሁን እንጂ ጥፋቱ የማን እንደሆነ አያከራክርም። ሚዛን ባጎደለ ጊዜ "ጥፋቱ ዓይኑን ገልጦ ያላየው የገበሬው ነው" ብሎ የሚፈርድ ሽማግሌም ሆነ ዳኛ የለም።

ዛሬ በከተማም በገጠርም በየኪሱ የገባው የእጅ ስልክ ብዙ ነገር ይመዝናል። የትኛው ወሬ ቀድሞ እንደሚደርሰን፣ አንዱን ቪዲዮ ተከትሎ የትኛው እንደሚመጣ፣ ማን ምን ያህል ብር መበደር እንደሚችል የሚወስነው በስልኩ ውስጥ የተቀመረ ስሌት ነው። ይህን ሚዛን የሠሩት ሰዎች ናቸው፤ ስምና አድራሻ፣ ትርፍና ኪሳራ ያላቸው ኩባንያዎች ናቸው። ሚዛኑ ሲዛባ ግን ጣታችንን የምንቀስረው በአብዛኛው በሠሪው ላይ ሳይሆን በተጠቃሚው፣ ይልቁንም በወጣቱ ላይ ነው። "ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ" እንዲሉ፣ ጉዳዩን ከሥሩ መመርመር ያስፈልጋል።

ራሱን የሚወቅስ ትውልድ

ወጣቶች የመጣላቸውን ቴክኖሎጂ ሁሉ ሳይጠይቁ ይቀበላሉ የሚል እምነት በብዙ ቤተሰብ ዘንድ አለ። እውነታው ግን ከዚህ የተለየ ገጽታም አለው። የማኅበራዊ ሚዲያን ጉዳት ከማንም ቀድሞ የሚያውቀው ሌሊቱን ስልኩን እያየ ያነጋው፣ ፈተናው እየቀረበ ዓይኑን ከስክሪኑ መንቀል ያቃተው፣ በሐሰት ወሬ ከጓደኛው ጋር የተቀያየመው ወጣት ራሱ ነው። ችግሩ ወጣቱ አለመተቸቱ አይደለም፤ ትችቱ የሚያርፍበት ቦታ ነው። "ሱስ ሆነብኝ"፣ "ራሴን መግዛት አቃተኝ" ይላል። ወላጅም በበኩሉ "ልጆቻችን በስልክ ጠፉ" ይላል። ሁለቱም ሳያውቁት በአንድ ነገር ይስማማሉ፤ ጥፋቱ የተጠቃሚው ነው በማለት።

ስልኩ ውስጥ ያለውን አሠራር ለተመለከተ ግን ነገሩ እንዲህ ቀላል አይደለም። ቀድሞ አንድ የኢንተርኔት ገጽ ታች ድረስ ሲነበብ ያልቅ ነበር፤ ቀጣዩን ለማየት አንባቢው አስቦ መጫን ነበረበት። ያቺ አጭር ፋታ "ይበቃኛል" ለማለት ዕድል ትሰጥ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2006 አሜሪካዊው ባለሙያ ኤዛ ራስኪን ገጹ ከታች በኩል ማለቂያ ሳይኖረው ራሱን እየሞላ የሚሄድበትን ስልት ቀመረ። ይህ ስልት ዛሬ በአብዛኞቹ የማኅበራዊ ሚዲያ መተግበሪያዎች ይሠራል። ራስኪን ከዓመታት በኋላ በሠራው ነገር መጸጸቱን በአደባባይ ተናግሯል። ስለዚህ ጣት ከስክሪን አልላቀቅ የሚለው በወጣቱ ስንፍና ብቻ አይደለም፤ እንዳይላቀቅ ተደርጎ የተሠራ ነገር ስለገጠመው ጭምር ነው።

ለምን እንዲህ ተሠራ ለሚለው መልሱ በገቢ መዝገቡ ላይ ይገኛል። የፌስቡክ፣ የኢንስታግራምና የዋትስአፕ ባለቤት የሆነው ሜታ እ.ኤ.አ. በ2024 ያስገባው ከ164 ቢሊዮን ዶላር በላይ ነው። ከዚህ ውስጥ ከ97 በመቶ በላይ የሚሆነው ከማስታወቂያ የተገኘ ነው። አስተዋዋቂው የሚከፍለው ለሰው ዓይን ነው፤ ሰው በመተግበሪያው ላይ በቆየ ቁጥር ብዙ ማስታወቂያ ያያል፣ ስለ እርሱም ብዙ መረጃ ይሰበሰባል። ተጠቃሚው ገንዘብ ባይከፍልም ጊዜውንና የግል መረጃውን ይከፍላል። ለዚህ ግብ በሺህ የሚቆጠሩ መሐንዲሶች ደመወዝ እየተከፈላቸው ሌት ተቀን ይሠራሉ። በሌላኛው ወገን የቆመው ደግሞ አንድ የአሥራ ሰባት ዓመት ተማሪ ነው። ራስን መግዛት መልካም ምግባር መሆኑ አያጠያይቅም። ነገር ግን ያልተመጣጠነ ትግል ውስጥ ላለ ወጣት "ጠንክር" ብሎ ማለፍ፣ የተዛባ ሚዛን ለገጠመው ገበሬ "ዓይንህን ግለጥ" ብሎ እንደ ማለፍ ነው።

ከውስጥ የወጣው ማስረጃ

ሠሪዎቹ የሥራቸውን ውጤት አያውቁም ነበር ወይ ለሚለው ጥያቄ ትልቁ ማስረጃ የወጣው ከራሳቸው ቤት ነው። የቀድሞ የፌስቡክ ሠራተኛ ፍራንሲስ ሃውገን እ.ኤ.አ. በ2021 የኩባንያውን የውስጥ ሰነዶች ለጋዜጠኞችና ለአሜሪካ መንግሥት አካላት አሳልፋ ሰጠች። ከሰነዶቹ አንዱ ኢንስታግራም ስለ ገጽታቸው የሚጨነቁ ልጃገረዶችን ጭንቀት ከሦስቱ በአንዷ ላይ እንደሚያባብስ የኩባንያው ተመራማሪዎች ማስፈራቸውን ያሳያል። ሌሎቹ ሰነዶች ደግሞ ቁጣንና ጥላቻን የሚቀሰቅስ ጽሑፍ በስሌቱ ምክንያት ይበልጥ ወደ ብዙ ሰው የመዛመት ዕድል እንደነበረው በውስጥ ውይይት ላይ መነሣቱን ያመለክታሉ።

ለእኛ ይበልጥ የሚቀርበው ነገር የቋንቋው ጉዳይ ነው። በእነዚሁ ሰነዶች ላይ ተመሥርተው የወጡ ዘገባዎች እንደሚያሳዩት፣ ሐሰተኛ መረጃን ለመለየት ከተመደበው በጀት 87 በመቶው ለአሜሪካ ሲውል ለቀረው ዓለም የተረፈው 13 በመቶ ነበር። ኩባንያው ይህ ቁጥር ያልተሟላ ነው ሲል ተከራክሯል። ሃውገን ጥቅምት ሊጠባ ሲል፣ መስከረም 25 ቀን 2014 ዓ.ም. በአሜሪካ ሴኔት ቀርባ በሰጠችው የምስክርነት ቃል በማይናማር የታየውንና ያን ጊዜ በኢትዮጵያ እየታየ የነበረውን ግጭት ጠቅሳ፣ ይህ ገና የመጀመሪያው ምዕራፍ ነው ስትል አስጠንቅቃለች። ያን ወቅት አገራችን በጦርነት ውስጥ ነበረች። በአማርኛ፣ በኦሮምኛ ወይም በትግርኛ የተጻፈ የጥላቻ ቃል ወደ ሺዎች ሲዛመት የሚያነብና የሚያስቆም በቂ ሰው ነበረ ወይ የሚለው ጥያቄ የሕይወትና የሞት ጥያቄ ነበር።

ናይሮቢ ላይ የተከፈተው በር

ጥያቄው በፍርድ ቤት ስም ያገኘው በአንድ ሰው ሞት ነው። የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ የኬሚስትሪ መምህር የነበሩት ፕሮፌሰር መዓረግ አማረ በጥቅምት 2014 ዓ.ም. በመኖሪያ ቤታቸው ደጃፍ በጥይት ተገደሉ። ከግድያው ቀደም ብሎ ስማቸውንና ፎቶግራፋቸውን ይዘው የወጡ፣ ሐሰተኛ ክስ ያዘሉ ጽሑፎች በፌስቡክ ተሠራጭተው ነበር። ልጃቸው ጽሑፎቹ እንዲነሡ በተደጋጋሚ ማመልከቱን፣ ምላሽ ያገኘው ግን አባቱ ከሞቱ በኋላ መሆኑን ይናገራል።

ይህ ልጅ ከአንድ የሰብአዊ መብት ባለሙያና ካቲባ ከተሰኘ የኬንያ ተቋም ጋር በመሆን በታኅሣሥ 2015 ዓ.ም. ሜታን ናይሮቢ ውስጥ ከሰሰ። ክሱ የቀረበው በኬንያ የሆነበት ምክንያት አለው፤ የምሥራቅና የደቡብ አፍሪካን ይዘት የሚያጣሩ ሠራተኞች የተሰባሰቡት በዚያች ከተማ ስለነበር ነው። ከሳሾቹ የጠየቁት ሦስት ነገር ነው፤ ስሌቱ ግጭት ቀስቃሽ ጽሑፍን ወደ ፊት መግፋቱን እንዲያቆም፣ ለአካባቢው ቋንቋዎች በቂ አጣሪ እንዲቀጠር፣ ለተጎጂዎችም የካሳ ፈንድ እንዲቋቋም። ሜታ በበኩሉ የጥላቻ ንግግርና የጥቃት ቅስቀሳ ከደንቡ ውጪ መሆኑን፣ ይህን ለመከላከልም ከፍተኛ ገንዘብ እንደሚያወጣና የአካባቢውን ቋንቋ የሚያውቁ ሠራተኞች እንዳሉት ገልጿል፤ የኬንያ ፍርድ ቤትም ጉዳዩን የማየት ሥልጣን የለውም ሲል ተከራክሯል። የኬንያ ከፍተኛ ፍርድ ቤት በመጋቢት 2017 ዓ.ም. ይህን መከራከሪያ ውድቅ አድርጎ ጉዳዩን ማየት እንደሚችል ወስኗል። ውሳኔው ኩባንያውን ጥፋተኛ አላለም። ነገር ግን በሺህ ኪሎ ሜትሮች ርቀት ላይ የሚገኝ ኩባንያ በሠራው መሣሪያ የተጎዳ አፍሪካዊ በአፍሪካ ምድር ደጅ ሊጠና እንደሚችል አረጋግጧል።

በዚያው ከተማ ሌላም ክርክር አለ፤ ይህኛው የወጣቶች ነው። ሳማ በተባለ ኩባንያ ተቀጥረው የፌስቡክን ይዘት ያጣሩ የነበሩ፣ ከተለያዩ የአፍሪካ አገሮች የተሰባሰቡ ወጣት ሠራተኞች፣ ኢትዮጵያውያንም ጭምር፣ ሥራቸው የግድያ፣ የስቃይና የወሲብ ጥቃት ምስሎችን ለሰዓታት እያዩ የትኛው እንደሚነሣ መወሰን ነበር። እኛ ስልካችን ላይ ያላየነውን ክፉ ነገር እነርሱ አይተውልናል ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በ2022 አንድ ደቡብ አፍሪካዊ የቀድሞ ሠራተኛ፣ ዳንኤል ሞታውንግ፣ ክስ መሠረተ። በቀጣዩ ዓመት ከ180 በላይ ባልደረቦቹ ሌላ ክስ አቀረቡ። በሚያዝያ 2015 ዓ.ም. በዓለም የሠራተኞች ቀን ደግሞ ከ150 በላይ የሚሆኑ አጣሪዎች ናይሮቢ ተሰብስበው የሠራተኛ ማኅበር ለማቋቋም ድምፅ ሰጡ። ለፍርድ ቤቱ የቀረበ የሕክምና ማስረጃ ከ140 በላይ በሚሆኑት ላይ በአሰቃቂ ነገር ሳቢያ የሚመጣ ከባድ የአእምሮ ጉዳት መታየቱን ይገልጻል። ሜታ "ቀጣሪያቸው እኔ አይደለሁም" ቢልም፣ የኬንያ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በመስከረም 2017 ዓ.ም. ኩባንያው በአገሪቱ ሊከሰስ እንደሚችል ወስኗል።

እነዚህ ወጣቶች ቴክኖሎጂን አልጠሉም፤ የቴክኖሎጂ ሠራተኞች ነበሩ። ትችታቸው ጉልበት ያገኘው "እኔ ደካማ ነኝ" ከሚለው ወቀሳ ወጥተው "ይህን ያዘዘው ማን ነው? ያተረፈበትስ ማን ነው?" ወደሚለው ጥያቄ በመሻገራቸው ነው። በአሜሪካም ተመሳሳይ ጉዞ ታይቷል። ኤማ ሌምብኪ የተባለች ወጣት ገና ተማሪ ሳለች፣ እ.ኤ.አ. በ2020፣ የእኩዮቿን የማኅበራዊ ሚዲያ ልምድ ለመወያያነት የሚያቀርብ የወጣቶች ንቅናቄ መሠረተች፤ በ2023 በሴኔት ኮሚቴ ፊት ቀርባ ሕግ እንዲወጣ ጠየቀች። በዚያው ዓመት ጥቅምት ላይ በርካታ የአሜሪካ ግዛቶች ሜታ መተግበሪያዎቹን ሕፃናትን በሚጎዳ መንገድ ሠርቷል በማለት ክስ መሥርተዋል።

የቤታችንም ሠሪዎች አሉ

ተጠያቂነት ሲነሣ ዓይናችን ወደ ካሊፎርኒያ ብቻ መመልከት የለበትም። ከመጋቢት 6 ለ7 አጥቢያ 2016 ዓ.ም. በኢትዮጵያ ንግድ ባንክ የሆነውን ማስታወስ ይበቃል። በዚያች ሌሊት በባንኩ ሥርዓት ላይ በተፈጠረ ብልሽት ደንበኞች በሒሳባቸው ካለው በላይ ማውጣትና ማስተላለፍ ቻሉ። ወሬው በስልክ ተዛመተ፤ በየዩኒቨርሲቲው ግቢ በገንዘብ መክፈያ ማሽኖች ፊት ረጅም ሰልፍ ታየ። ባንኩ ያላግባብ የወጣው ገንዘብ ከ800 ሚሊዮን ብር በላይ መሆኑን፣ ችግሩም ከሥርዓት ማሻሻያ ሥራ ጋር የተያያዘ እንጂ የመረጃ መረብ ጥቃት አለመሆኑን አስታወቀ። ገንዘቡን በፈቃዳቸው የመለሱት እንደማይከሰሱ ተነገረ፤ አብዛኛው ገንዘብም ተመለሰ። ያልመለሱት ግን ስማቸውና ፎቶግራፋቸው ተለጠፈ።

የሰው ገንዘብ መውሰድ ስሕተት መሆኑ ለክርክር የሚቀርብ አይደለም። ተማሪዎቹ ተጠይቀዋል፤ መጠየቃቸውም ተገቢ ነበር። ነገር ግን ሚዛኑ በሁለቱም በኩል እኩል ሠርቷል ወይ? የተማሪው ስም በአደባባይ ሲለጠፍ፣ ማሻሻያው ሳይፈተሽ ሥራ ላይ እንዲውል የፈቀደው አሠራር ምን እንደነበረ፣ እንዳይደገም ምን እንደተደረገ ለሕዝቡ በዚያው መጠን በዝርዝር አልተነገረም። በኅብረተሰቡ ውስጥ የተካሄደው ውይይትም በአመዛኙ ስለ ወጣቱ ሥነ ምግባር ነበር፤ ስለ ሥርዓቱ ሠሪዎች ግዴታ የተነገረው ጥቂት ነው። ለተጠቃሚው ፎቶግራፍ፣ ለሠሪው ደግሞ "የቴክኒክ ችግር" የሚል አንድ ቃል ብቻ የሚበቃበት አሠራር የተሟላ ተጠያቂነት ሊባል አይችልም።

አርሶ አደሩም ከዚህ ጥያቄ ውጪ አይደለም። ቴሌብር በግንቦት 2013 ዓ.ም. ሥራ ከጀመረ ወዲህ ገንዘብ መላክና መቀበል ቀርቷል የሚባል ድካም ሆኗል፤ ይህ ታላቅ ጥቅም ነው። ከ2014 ዓ.ም. መገባደጃ ጀምሮ ደግሞ ከዳሽን ባንክ ጋር በመተባበር "መላ" እና "እንደኪሴ" የተሰኙ አነስተኛ ብድሮች በስልክ ቀርበዋል። የብድሩን ጣሪያ የሚወስነው የደንበኛውን የግብይት ታሪክ የሚመለከት ስሌት ነው። ለቁጠባና ብድር ማኅበር ያመለከተ ገበሬ "ለምን ከለከላችሁኝ?" ብሎ የሚጠይቀው ሰው ፊት ለፊቱ አለ። ስልኩ "አይፈቀድም" ሲለው ግን ምክንያቱን ማን ያስረዳዋል? ዓመቱን ሙሉ ገንዘብ ሳያንቀሳቅስ ቆይቶ በመኸር ወቅት ብቻ የሚሸጥ ሰው ከከተማ ደመወዝተኛ ጋር በአንድ ስሌት ቢመዘን ፍትሐዊ ነው ወይ? ማንኛውም የስልክ ብድር ሠሪ ይህን ጥያቄ በሚገባ ቋንቋ የመመለስ ግዴታ ሊኖርበት ይገባል።

በብዙ የገጠር ቤት ስልኩን የሚያነበው ልጁ ነው። አባት ወይም እናት አዲስ አገልግሎት ሲፈልጉ በስክሪኑ ላይ የሚወጣውን ረጅም የስምምነት ጽሑፍ ያለፈው፣ "እስማማለሁ" የሚለውን የተጫነው የዘጠነኛ ወይም የአሥረኛ ክፍል ተማሪ ነው። ጽሑፉ ብዙ ጊዜ በእንግሊዝኛ ነው። ስለዚህ በአንድ ቤተሰብ ስም የተሰጠው ፈቃድ ማንም ያላነበበው ፈቃድ ሆኖ ይቀራል። ሌላ መንገድ የለም ማለት ግን አይደለም። የግብርና ትራንስፎርሜሽን ኢንስቲትዩት የ8028 የስልክ መስመር ማንበብ ለማይችል አርሶ አደር የእርሻ ምክር በራሱ ቋንቋ በድምፅ ያደርሳል። ሠሪው ከፈለገ ለሚሰማው ሰው የሚስማማ ነገር መሥራት እንደሚችል ይህ ምስክር ነው።

ሕጉ ማንን ይይዛል?

አገራችን ሕግ የላትም ማለት አይቻልም። የጥላቻ ንግግርንና ሐሰተኛ መረጃን ለመከላከልና ለመቆጣጠር የወጣው አዋጅ ቁጥር 1185/2012 የጥላቻ ንግግር ያሠራጨን ሰው እስከ ሁለት ዓመት በሚደርስ እስራት ወይም እስከ 100 ሺህ ብር በሚደርስ መቀጮ ይቀጣል፤ በንግግሩ ሳቢያ ጥቃት ከደረሰ እስራቱ ከአንድ እስከ አምስት ዓመት ይደርሳል። ይኸው አዋጅ የማኅበራዊ ሚዲያ ኩባንያዎች ጥቆማ በደረሳቸው በ24 ሰዓት ውስጥ ይዘቱን እንዲያነሡ ግዴታ ይጥላል። ልዩነቱን ግን ልብ ይሏል። ለጻፈው ወጣት የእስሩ ዓመትና የመቀጮው ብር በቁጥር ተቀምጧል፤ 24 ሰዓቱን ላላከበረው ኩባንያ ግን የዚያ ዓይነት ቁጥር አልተቀመጠም።

የአውሮፓ ኅብረት የዲጂታል አገልግሎቶች ሕግ በተቃራኒው ዋናውን ሸክም በኩባንያዎቹ ላይ ያደርጋል፤ ግዙፎቹ መድረኮች በሥራቸው የሚመጣውን አደጋ አስቀድመው እንዲገመግሙ ያስገድዳል፣ ሕጉን ከጣሱም እስከ ዓመታዊ ዓለም አቀፍ ሽያጫቸው ስድስት በመቶ ሊቀጡ ይችላሉ። እ.ኤ.አ. በ2023 የአየርላንድ የመረጃ ጥበቃ ኮሚሽን በሌላ ሕግ መሠረት ቲክቶክን በሕፃናት መረጃ አያያዝ ምክንያት 345 ሚሊዮን ዩሮ ቀጥቷል። አውስትራሊያ ከ16 ዓመት በታች ያሉ ልጆች በማኅበራዊ ሚዲያ አካውንት እንዳይኖራቸው የከለከለችበት ሕግ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2025 ሥራ ላይ ሲውል፣ ቅጣቱ የተደነገገው በልጁ ወይም በወላጁ ላይ ሳይሆን በኩባንያው ላይ ነው። የዕድሜ ክልከላው ራሱ ይበጃል አይበጅም የሚለው አሁንም ያከራክራል። ስለ ተጠያቂው ማንነት ግን ሕጉ አላመነታም።

በእኛም አገር ተስፋ የሚሰጥ እርምጃ አለ። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 የሰውን መረጃ የሚሰበስብ አካል በግልጽ ለተቀመጠ ዓላማ ብቻ እንዲጠቀምበት፣ ባለመረጃው ስለ ራሱ የተያዘውን የማወቅና ስሕተቱን የማሳረም መብት እንዲኖረው ደንግጓል። የመቆጣጠሩን ኃላፊነት የያዘው የኢትዮጵያ ኮሙኒኬሽን ባለሥልጣን ነው። አዋጅ በወረቀት መኖሩ ግን ሚዛን በመጋዘን እንደ መቀመጥ ነው፤ ወደ ገበያ ወጥቶ ካልመዘነ ጥቅሙ አይታይም። አቤቱታ የት እንደሚቀርብ፣ በምን ቋንቋ፣ በስንት ቀን እንደሚመለስ በወረዳና በቀበሌ ደረጃ ካልታወቀ መብቱ የአዲስ አበባ መብት ሆኖ ይቀራል።

መዝጋት ተጠያቂነት አይደለም

ቁጥጥር ይጥበቅ ሲባል "ዝጉት" የሚል ድምፅም አብሮ ይሰማል። ከየካቲት እስከ ሐምሌ 2015 ዓ.ም. ፌስቡክ፣ ዩቲዩብ፣ ቲክቶክና ቴሌግራም በአገራችን ተገድበው ነበር። በዚያ ጊዜ የተጎዳው የኩባንያዎቹ ባለቤት አይደለም፤ ልብሷን በቴሌግራም የምትሸጥ የከተማ ነጋዴ፣ ትምህርቱን በዩቲዩብ የሚከታተል ተማሪ ነው። ገበያ ሙሉ በሙሉ ሲዘጋ ሚዛን አጉዳዩም ሐቀኛውም እኩል ይቀጣሉ፤ ገበያው ሲከፈትም የተዛባው ሚዛን እዚያው ይጠብቃል። ተጠያቂነት ማለት ሠሪውን በስሙ ጠርቶ፣ ሥራውን አስመርምሮ፣ ጉዳቱን እንዲክስ ማድረግ ነው። ይህ ደግሞ ከመዝጋት ይከብዳል፤ ዕውቀት፣ ትዕግሥትና ነጻ ፍርድ ቤት ይጠይቃል።

ሌላው ሥጋት ኩባንያዎቹ ቅጣትን ፈርተው ትክክለኛውንም ንግግር ሊያፍኑ ይችላሉ የሚል ነው። ይህ ቀላል ሥጋት አይደለም። መፍትሔው የሚነሣውን ጽሑፍ ቁጥር መጨመር ብቻ ሳይሆን፣ የተነሣበት ሰው ምክንያቱን በቋንቋው እንዲያውቅና ይግባኝ እንዲል ማድረግ ነው። ስሌቱ ለምን አንዱን ጽሑፍ ለሚሊዮኖች እንደሚያደርስ፣ ሌላውን እንደሚቀብር ገለልተኛ ባለሙያዎች እንዲመረምሩት መፍቀድም ሰውን ዝም ከማሰኘት ይልቅ መሣሪያውን የሚያርም መንገድ ነው።

ወቀሳን ወደ ጥያቄ መለወጥ

ታዲያ በወረዳ ከተማና በገጠር ቀበሌ ያለ ወጣት ምን ማድረግ ይችላል? መጀመሪያ የሚችለው ማስረጃ መያዝ ነው። ለጥቃት የሚቀሰቅስ ጽሑፍ ሲያይ ከመቀባበል ይልቅ ለኩባንያው መጠቆም፣ የጠቆመበትን ቀንና የተሰጠውን ምላሽ የሚያሳይ የስክሪን ምስል ማስቀመጥ ይገባዋል። በናይሮቢው ክርክር ውስጥ "ጠቁሜ ነበር" የሚለው ቃል ክብደት ያገኘው ከዚህ የተነሣ ነው። "የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም" ይባላል፤ ፍርድ ቤት ግን ትዝታን ብቻ ሳይሆን ማስረጃን ይጠይቃል።

ሁለተኛው በጋራ መጠየቅ ነው። የትምህርት ቤት ሚኒ ሚዲያና የወጣት ማኅበራት ስለ ስልክ ሱስ ሲመክሩ፣ ከምክሩ ጎን ለጎን መተግበሪያዎቹ እንዴት እንደሚሠሩና ገንዘባቸውን ከምን እንደሚያገኙ ሊያስረዱ ይችላሉ። ወላጅም ልጁን ከመገሠጽ አልፎ "ይህ ነገር ስለ እኛ ምን ይወስዳል? ቢበድለንስ ለማን እንከሳለን?" ብሎ አብሮ ቢጠይቅ ልጁ ከተከሳሽነት ወደ አጋርነት ይሸጋገራል። ለወላጁ "እስማማለሁ" የሚለውን የሚጫን ተማሪም ከመጫኑ በፊት የተረዳውን ያህል ጮክ ብሎ ቢያነብለት በቤቱ ውስጥ ቀዳሚው የመረጃ ጠባቂ ይሆናል።

ሦስተኛው የነገዎቹን ሠሪዎች ይመለከታል። በሐምሌ 2016 ዓ.ም. ከተባበሩት ዓረብ ኤምሬቶች ጋር በተጀመረው የአምስት ሚሊዮን ኮደሮች ሥልጠና በርካታ ወጣቶች ኮምፒውተርን ማዘዝ እየተማሩ ነው። ከእነርሱ መካከል ነገ የብድር ስሌት የሚቀምሩ፣ የገበሬውን መረጃ የሚያስተዳድሩ ይወጣሉ። ሥራው ለሕዝብ ከመቅረቡ በፊት ማን ፈተሸው፣ ሲበላሽ ማን ይመልሳል፣ ማንበብ የማይችለው ሰው እንዴት ይጠቀምበታል የሚሉትን ጥያቄዎች ከኮዱ ጋር አብረው ካልተማሩ፣ ዛሬ በሌሎች ላይ የምናነሣው ቅሬታ ነገ በእነርሱ ላይ ይነሣል።

የናይሮቢው ክርክር እስከ መጨረሻው ምን ፍርድ ያስገኛል የሚለው የዳኞቹ ጉዳይ ነው። ለእኛ ግን አንድ ነገር ከወዲሁ አስተምሮናል። አባቱን ያጣ ልጅና በሥራው የታመመ ወጣት በዓለም ትልልቅ ከሚባሉ ኩባንያዎች አንዱን ዳኛ ፊት ማቆም ችለዋል። በእኛ አገር ደግሞ የመረጃ ጥበቃ አዋጁ ወጥቷል፣ ተቆጣጣሪውም ተሰይሟል። የቀረው በየወረዳው የመጀመሪያውን አቤቱታ ጽፎ የሚያቀርብ፣ መልሱንም እስኪያገኝ የሚጠይቅ ሰው ነው። ስልኩን ከሁላችንም በተሻለ የሚያውቀው ወጣቱ ስለሆነ፣ ያ ሰው ከወጣቶች መካከል ቢነሣ አያስደንቅም።